የእግዚአብሔር ቤት ጠበቃ ያስፈልገዋልን?

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ አሜን።

ከሰንበት ትምህርት ቤታችን አባላት መካከል በየዩኒቨርሲቲው የሕግ ትምህርት የሚከታተሉ ጥቂት አይደሉም። ከእነዚህ አንዱ ተነሥቶ፣ «ስመረቅ የአብያተ ክርስቲያናትንና የሌሎችንም የእምነት ድርጅቶች የመሬትና የቤት ጉዳይ የምከታተል ጠበቃ መሆን እፈልጋለሁ» ቢል ከሁለት ወገን ተቃውሞ ይገጥመዋል። አንደኛው ወገን፣ «እግዚአብሔር ለቤቱ ጠበቃ አያሻውም፤ ጠባቂው ራሱ ነው» ይለዋል። ሁለተኛው ወገን ደግሞ፣ «መሬትና ኪራይ የዓለም ነገር ነው፤ አንተ መንፈሳዊ ነኝ እያልህ በካርታና በጨረታ መካከል ምን ትሠራለህ?» ይለዋል። ሁለቱም አነጋገሮች ከቅን ልብ ሊወጡ ስለሚችሉ በችኮላ ልንንቃቸው አይገባም። ይሁን እንጂ ነገሩን ረጋ ብለን ብንመረምረው ከሁለቱም የሚከብድ ሌላ ጥያቄ እናገኛለን። ይኸውም፣ ለአምላክ የተሰጠ መሬት የማን ነው? የሚለው ነው። ለዚህ መልስ ሳናገኝ ጠበቃው ማንን እንደሚያገለግል ልናውቅ አንችልም።

ጥያቄው ለእኛ ለሸዋ ሮቢትና ለይፋት ቆላ ልጆች የሩቅ አይደለም። ከአዲስ አበባ 225 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ ወደ ደሴ በሚወስደው አውራ ጎዳና ላይ የምትገኘው ከተማችን፣ ከጣርማ በር ብርድ ቁልቁል ለሚወርደው መንገደኛ ማረፊያ፣ ለዙሪያው ገበሬ ደግሞ ገበያ ናት። ጤፉ፣ ማሽላው፣ ማሾው፣ ሽንኩርቱና ማንጎው የሚበቅልበት መሬት ውኃ ባገኘበት ሁሉ ክረምት ከበጋ ስለሚሠራ፣ አንድ ክንድ ወሰን እንኳ ወንድምን ከወንድም ያካስሳል። በየከተማው እንደሚታየው ሁሉ፣ ትናንት ከዳር የነበረ የቤተ ክርስቲያን አጥር ከተማው ሲሰፋ መካከል ይገባል፤ ትናንት ማንም የማይመኘው የመቃብር ጥግ ዛሬ ለሱቅ ይፈለጋል። በዚህ ላይ ሀገሩ የአንድ ወገን ሀገር አይደለም። አማራው፣ አርጎባው፣ ኦሮሞው፣ ከወደ ምሥራቅም አፋሩ የሚገናኙበት፣ ደወልና አዛን በአንድ ንጋት የሚሰሙበት ነው። ስለዚህ በዚህ ጽሑፍ «የእምነት ድርጅት መሬት» ስንል የቤተ ክርስቲያንን ብቻ ሳይሆን የመስጊድንም ማለታችን ነው።

የይፋት ታሪክ ራሱ አንድ ነገር ያስተምረናል። እ.ኤ.አ. በ13ኛው መቶ ዓመት መጨረሻ የወላስማ ነገሥታት ያቋቋሙት የይፋት ሱልጣኔት በዚህ አገር ገናና ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ1332 ከዐፄ ዓምደ ጽዮን ጋር ያደረገው ጦርነትም በታሪክ የታወቀ ነው። ከዚያ ዘመን ከተሞች አንዷ የነበረችው የኖራ ፍርስራሽ ከነመስጊዷ የድንጋይ ግድግዳ እስከ ዘመናችን ደርሷል። መስጊዱን ያሠሩት ሰዎች አልፈዋል፤ የሰገዱበት ሰዎችም አልፈዋል፤ ቦታው ግን አለ። እንግዲህ ለአምልኮ የተሰጠ መሬት ከሰጪውም ከተቀባዩም ዕድሜ ይረዝማል ማለት ነው። ዛሬ በእጁ የያዘው ትውልድ በረጅም ሰንሰለት ውስጥ አንድ ቀለበት እንጂ መጨረሻው አይደለም። ይህን ነጥብ እንያዘው፤ ኋላ እንመለስበታለን።

«እግዚአብሔር ለቤቱ ጠበቃ አያሻውም» የሚሉት ወገኖች አባቶቻችን ምን ያደርጉ እንደ ነበር ቢያስተውሉ መልካም ነው። የጥንት ነገሥታትና መሳፍንት ለገዳም ወይም ለደብር መሬት ሲሰጡ ስጦታው በቃል ብቻ አይቀርም ነበር። በወንጌሉ ባዶ ገጽ ወይም በኅዳጉ ላይ የመሬቱ ስም፣ የሰጪው ስም፣ የምስክሮቹ ስም ይጻፍ ነበር፤ በመጨረሻም ቃሉን የሚያፈርስ ሁሉ የተወገዘ እንዲሆን ግዝት ይታሰርበት ነበር። በዛሬዋ ኤርትራ የሚገኘው የሐም ደብረ ሊባኖስ ወርቀ ወንጌል ከዛጉዌ ነገሥታት ዘመን ጀምሮ የተሰጡ መሬቶችን መዝግቦ ይዟል። ከዚህ የበለጠ ምስክር ምን ያስፈልጋል? የእግዚአብሔር ቃል በተጻፈበት መጽሐፍ ላይ የመሬት ውል የጻፉ አባቶች፣ ጸሎትና ሰነድ አብረው እንደሚሄዱ ያምኑ ነበር። ለዚህም ነው፣ «በቃል ያለ ይረሳል፣ በመጽሐፍ ያለ ይወረሳል» የተባለው።

በቅዱስ መጽሐፍም ቢሆን እንዲሁ ነው። አባታችን አብርሃም ሣራን ለመቅበር የኤፍሮንን ዋሻና እርሻ በፈለገ ጊዜ በነፃ ውሰድ ቢባልም እሺ አላለም። በከተማው በር፣ በሕዝቡ ፊት፣ 400 ሰቅል ብር መዝኖ ከፍሎ፣ ዋሻው ከነእርሻው፣ ዛፉም ከነወሰኑ እንዲጸናለት አደረገ። ነቢዩ ኤርምያስም ኢየሩሳሌም በጠላት ተከባ ሳለች በዓናቶት ያለውን የአጎቱን ልጅ እርሻ በ17 ሰቅል ገዝቶ፣ ምስክሮች አስፈርሞ፣ የታተመውንና የተከፈተውን ውል ለብዙ ዘመን እንዲቆይ በሸክላ ዕቃ ውስጥ እንዲቀመጥ አዝዟል። ከተማይቱ ልትወድቅ መሆኑን ራሱ የተነበየ ሰው ስለ ውል ሰነድ ይህን ያህል መጠንቀቁ ሊያስገርመን ይገባል። ሰነዱ የተስፋው ምልክት ነበርና።

ሰነድ ያልተጠበቀለት ቅዱስ ቦታ ምን እንደሚያገኘው ለማወቅ ከፈለግን ደግሞ የኢየሩሳሌሙን ዴር ሱልጣን እናስታውስ። እ.ኤ.አ. በ1838 በኢየሩሳሌም በገባው ወረርሽኝ የኢትዮጵያውያን መነኮሳት ማኅበር አለቀ፤ መጻሕፍታቸውና ሰነዶቻቸውም በሽታውን ያስተላልፋሉ በሚል ምክንያት ተቃጠሉ። ከዚያ በኋላ የመጡት መነኮሳት «ቦታው የአባቶቻችን ነው» ሲሉ የሚያሳዩት ወረቀት አልነበራቸውም። እ.ኤ.አ. በ1970 በትንሣኤ ሌሊት የቁልፎቹ ጉዳይ እንደ ገና ተነሣ፤ በ1971 የእስራኤል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ቁልፎቹ ለግብጻውያኑ እንዲመለሱ ሲወስን የባለመብትነቱን ጥያቄ ግን መንግሥት እንዲመረምረው ተወለት። ጉዳዩ እስከ ዛሬ እልባት አላገኘም። በአንድ ክፉ ዓመት የተቃጠለ ወረቀት ለብዙ ትውልድ መከራ ሆነ።

እኛም በአካባቢያችን ያየነው አለ። በመጋቢትና በሚያዝያ 2013 ዓ.ም. ጎረቤታችን አጣዬ በእሳት ስትጋይ፣ በኅዳር 2014 ዓ.ም. ደግሞ ጦርነቱ ሸዋ ሮቢት ድረስ ሲመጣ፣ ሰው ነፍሱን ይዞ ሲሸሽ ካርታና ደብተር ይዞ የሚወጣ ስንቱ ነው? አንድ ደብር ሰነዱን ሁሉ በአንድ ሣጥን፣ ሣጥኑንም በአንድ ዕቃ ቤት ቢያኖር፣ በአንዲት ሌሊት የመቶ ዓመት ማስረጃ ሊያጣ ይችላል። ቅጂውን በሀገረ ስብከቱና በሌላም አስተማማኝ ቦታ ያስቀመጠ ሰው የኤርምያስን ሥራ ሠራ ልንለው እንችላለን።

አሁን ወደ ከባዱ ጥያቄ እንመለስ። ለአምላክ የተሰጠ መሬት የማን ነው? በቀድሞው ሥርዓት ቤተ ክርስቲያን በጉልትና በሰሞን ስም ሰፊ መሬት ነበራት። ከመሬቱ የሚገኘው ግብር ቀዳሹን፣ ዲያቆኑን፣ መርጌታውን ያኖር ነበር፤ ጣፉም፣ መብራቱም፣ የተማሪው እንጀራም ከዚያ ይወጣ ነበር። ይህ መልካም ጎኑ ነው። ነገር ግን እውነቱን ሙሉ ለሙሉ መናገር ይገባልና፣ ግብሩን የሚከፍለው ገበሬ ነበር፤ ገበሬውም ሁልጊዜ በደስታ አልከፈለም። በ1957 ዓ.ም. የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች «መሬት ለአራሹ» ብለው አደባባይ የወጡት ስለዚሁ የገበሬ ድካም ነበር። ከዚያም የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. በወጣው አዋጅ ቁጥር 31 የገጠር መሬት ሁሉ የሕዝብ ሀብት ሆነ። በዚያው ዓመት ሐምሌ 19 ቀን በአዋጅ ቁጥር 47 የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት የመንግሥት ሆነ። ቤተ ክርስቲያንም በእነዚህ ሁለት አዋጆች ጉልቷንና የሚከራዩ ቤቶቿን አጣች።

ከሁለት ዓመት በፊት፣ በ1965 ዓ.ም.፣ በፓትርያርክ አቡነ ቴዎፍሎስ ዘመን ቃለ ዓዋዲ ወጥቶ የሰበካ መንፈሳዊ ጉባኤ ባይደራጅ ኖሮ የየአጥቢያው አገልግሎት እንዴት ይቀጥል እንደ ነበር ማሰብ ያስቸግራል። የምእመናን አስተዋጽኦ የጉልቱን ቦታ ተካ። ከዚህ የምንማረው ታላቅ ነገር አለ፦ ቤተ ክርስቲያን ያለ ጉልት መኖር ችላለች። እንግዲያስ መሬት ለእምነት ሕይወቱ አይደለም፤ መሣሪያው ነው። መሣሪያን መጠበቅ ግዴታ ነው፤ መሣሪያን ማምለክ ግን ጣዖት ነው።

ከ1983 ዓ.ም. በኋላ ከተወረሱት ቤቶች አንዳንዶቹ ተመልሰዋል። በ1987 ዓ.ም. የጸናው ሕገ መንግሥት ደግሞ በአንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ መሆኑን፣ እንደማይሸጥና እንደማይለወጥ ደነገገ። ስለሆነም ዛሬ ደብርም ሆነ መስጊድ፣ ገበሬም ሆነ ነጋዴ፣ በመሬቱ ላይ «ባለይዞታ» ይባላል እንጂ «ባለመሬት» አይባልም። ብዙ ሰው ይህን ቃል እንደ ጉድለት ያየዋል። ስለ ሕጉ ጥቅምና ጉዳት መከራከሩን ለሌሎች ትተን፣ እኛ ግን ስለ ቃሉ አንድ ነገር እንበል። ሃይማኖት ምድር ሁሉ የፈጣሪ ናት ይላል፤ ሰው በእንግድነት ይዟት ያልፋል። በዚህ ሚዛን ባለይዞታ ያልሆነ ማን አለ? አለቃው ባለይዞታ ነው፤ ሰበካ ጉባኤው ባለይዞታ ነው፤ የዛሬው ምእመንም ባለይዞታ ነው። የሞቱት ሰጥተውናል፤ ገና ያልተወለዱት ይቀበሉናል። ለዚህ በአማርኛችን የታወቀ ስም አለው፤ አደራ ይባላል። «አደራ ጥብቅ፣ ሰማይ ሩቅ» እንዲሉ፣ አደራ ለራሳችን ነገር ከምናደርገው በላይ ጥንቃቄ ይጠይቃል።

እንግዲህ የመጀመሪያው ጥያቄያችን መልስ አገኘ ማለት ነው። ጠበቃው የሚያገለግለው አለቃውን ወይም የኮሚቴውን ሊቀ መንበር አይደለም፤ አደራውን ነው። የቀድሞ ሰዎች የድርጅትን ጉዳይ በፍርድ ቤት የሚከታተለውን ሰው ነገረ ፈጅ ይሉት ነበር። ነገር የሚፈጅ፣ ማለትም ነገርን ወደ ፍጻሜ የሚያደርስ ማለት ነው እንጂ ነገር የሚያባዛ ማለት አይደለም።

ሥራው በተግባር ምን እንደሚመስል በአጭሩ እንመልከት። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ በአንቀጽ 398 የኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን በሕግ ዘንድ እንደ ሰው እንደምትቆጠር ደንግጓል። የእስልምና ጉዳዮች ጠቅላይ ምክር ቤትና የወንጌል አማኞች አብያተ ክርስቲያናት ካውንስልም በ2012 ዓ.ም. በአዋጅ ሕጋዊ ሰውነት አግኝተዋል። ስለዚህ የእምነት ድርጅት ይከሳል፣ ይከሰሳል፣ ይዋዋላል። መብት ካለ ግን ጊዜና ፎርም አብሮት አለ። ጎረቤት አጥር ገፍቶ ቢገባ «ሁከት ይወገድልኝ» ብሎ መክሰስ የሚቻለው በሁለት ዓመት ውስጥ ነው፤ «እግዚአብሔር ያያል» ብለን ሦስት ዓመት ዝም ካልን ይህ የክስ መንገድ ይዘጋል። መንገድ ሲሰፋ ይዞታ እንዲለቀቅ ትእዛዝ ቢመጣ በአዋጅ ቁጥር 1161/2011 መሠረት አቤቱታ የሚቀርበው በ30 ቀን ውስጥ ነው። የገጠሩ ይዞታ በደብተር፣ የከተማው በካርታ መረጋገጥ አለበት። እነዚህን ቀኖችና ወረቀቶች የሚያስታውስ ሰው ባለመኖሩ ብቻ የሚጠፋ አደራ ሲታይ፣ ዕውቀቱ ያለው ሰው «እኔ መንፈሳዊ ነኝ» ብሎ ቢቀመጥ መክሊቱን ከቀበረው ባሪያ በምን ይለያል?

ይሁን እንጂ እስከዚህ ያልነው ቀላሉ ነው። የኅሊና ፈተናው የሚመጣው ወረቀቱና ርኅራኄው የተለያዩ ዕለት ነው። እስቲ አንድ ምሳሌ እናንሣ፤ የታሰበ ምሳሌ ነው እንጂ የማንም ሰው ታሪክ አይደለም። አንዲት አረጋዊት እናት በበዓለ ንግሥ ዕለት ሕዝብ በተሰበሰበበት፣ «ይህን ቤቴን ለእመቤቴ ለማርያም ሰጥቻለሁ» ይላሉ። እልልታው ይቀልጣል። ወረቀት የሚያነሣ ግን የለም። ከጥቂት ዓመታት በኋላ እናት ያርፋሉ። በቤቱ ውስጥ በሕመማቸው ጊዜ ያስታመመቻቸው ልጃቸው ከልጆቿ ጋር ትኖራለች። የደብሩ ሰዎች፣ «ሀገር የሰማው ቃል ነው፤ ቤቱ የማርያም ነው» ይላሉ። ሕጉ ግን የማይንቀሳቀስ ንብረት ስጦታ በግልጽ በሚደረግ ኑዛዜ ፎርም ካልተደረገ አይጸናም ይላል፤ ይኸውም ጽሑፉ በሰጪዋና በአራት ምስክሮች ፊት ተነቦ ሲፈረም፣ ወይም ከምስክሮቹ አንዱ ዳኛ ወይም ውል አዋዋይ ሲሆን በሁለት ምስክሮች ፊት ነው።

እዚህ ላይ አንድ ጠበቃ መጥቶ፣ «ችግር የለም፤ አራት ምስክር እናገኛለን፤ ቀኑንም ወደ ኋላ እንጽፈዋለን» ቢል ብዙ ቅን ሰዎች ሊታለሉ ይችላሉ፤ ቃሉ በእርግጥ ተነግሯልና። ነገር ግን በሐሰት ወረቀት የተገኘ ቤት ለእውነት አምላክ መሥዋዕት ሊሆን እንደማይችል ልጅ እንኳ ያውቀዋል። የመበለቶችን ቤት እየበሉ ጸሎታቸውን የሚያስረዝሙትን ጌታ እንዴት እንደ ገሠጻቸው እናስታውስ። በዚህ ጉዳይ የጠበቃው ግዴታ አንድ ነው፦ «ሕጉ ከእኛ ጋር አይደለም» ብሎ በግልጽ መናገር።

አሁን ምሳሌውን እንገልብጠው። ወረቀቱ ሙሉ ነው እንበል። አራቱ ምስክሮች ፈርመዋል፤ ሕጉ ከደብሩ ጋር ነው። ልጂቱ ግን ከነልጆቿ የምትገባበት የላትም። ጠበቃው ምን ያድርግ? አንዳንዱ ለስላሳ ልብ ያለው ሰው፣ «ወረቀቱን ይደብቀው፤ ቀኑንም ያሳልፈው» ይላል። እኛ ግን ይህ ርኅራኄ አይመስለንም። ሰው ቸር መሆን የሚችለው በራሱ ገንዘብ ነው፤ በአደራ ገንዘብ ቸር መሆን ስርቆት ነው። አንዳንዱ ደግሞ፣ «የእርሱ ሥራ ክሱን ማቅረብ ነው፤ ቀሪው የእርሱ ጉዳይ አይደለም» ይላል። ይህም ኅሊናን በደመወዝ መሸጥ ነው።

በእኛ አስተያየት መንገዱ በሁለቱ መካከል ነው። ጠበቃው መስጠት አይችልም፤ ነገር ግን መስጠት የሚችሉትን ሰዎች መጠየቅ ይችላል፣ ይገባዋልም። ሰበካ ጉባኤውን ሰብስቦ፣ «ሕጉ ቤቱን እንድትረከቡ ይፈቅድላችኋል። ነገር ግን ስጦታው ለምን ተሰጠ? ለእናቲቱ መታሰቢያ ነው። መታሰቢያቸው የልጃቸው ዕንባ እንዲሆን ትፈልጋላችሁን?» ሊላቸው ይገባል። ይህን ብሎ ብቻ አይተዋቸውም፤ ዕውቀቱ እዚህ ላይ ይጠቅማል። የቤቱ ባለቤትነት ለደብሩ ጸንቶ፣ ልጂቱ በሕይወት እስካለች የአላባ መብት ኖሯት እንድትኖርበት ማድረግ ይቻላል። ወይም በዝቅተኛ ኪራይ የተጻፈ ውል ሊደረግላት ይቻላል። ያን ጊዜ አደራውም አይጠፋም፤ ሰውም አይወድቅም። ሽማግሌዎቹ ይህን ሁሉ ሰምተው፣ «አይሆንም፤ ነገ ትውጣ» ቢሉስ? ያን ጊዜ ጠበቃው ወረቀታቸውን በሙሉ፣ ምስጢራቸውንም ጠብቆ አስረክቦ፣ «ይህን ነገር በእኔ እጅ አታስፈጽሙትም» ብሎ መሰናበት ይችላል። ደንበኛን አለመክዳት አንድ ነገር ነው፤ የደንበኛ ክፉ እጅ መሆን ግን ሌላ ነው።

ከሁሉ የሚሻለው ግን ጠበቃው ከመጀመሪያው ቢጠራ ነበር። አረጋዊቷ እናት ስጦታውን ባሰቡበት ዕለት ከጎናቸው ተቀምጦ፣ «እማማ፣ እግዚአብሔር ይስጥልን። ልጅዎስ የት ትገባለች?» ብሎ ቢጠይቅ ኖሮ ክሱም ዕንባውም ባልኖረ። ይህች አንዲት ጥያቄ ከብዙ ክርክር ትበልጣለች። ደብሩን ቤት የሚያሳጣ የሚመስላት ሰው ቢኖር ተሳስቷል፤ ሰጪና ልጅ ተስማምተው የሰጡት ቤት ከማንኛውም ፍርድ ይልቅ የጸና ነውና።

ርኅራኄ ሁልጊዜ ኪራይ ማሳነስ ነው ብለን እንዳንሳሳት ደግሞ ሌላውን ገጽ እንይ። በየከተማው በቤተ ክርስቲያን አጥር ላይ የተሠሩ ሱቆች አሉ። አንዳንዱ ተከራይ ሱቁን በጥቂት ብር ይዞ ለሌላ ሰው በብዙ እጥፍ ያከራየዋል። «የቤተ ክርስቲያን ቤት ስለሆነ አትጨክኑብን» የሚለው ልመና እንዲህ ካለ ሰው አፍ ሲወጣ ልንሸነፍለት አይገባም። ትርፉ ከወላጅ አልባው ሕፃንና ከችግረኛው ዲያቆን አፍ የተወሰደ ነው። እዚህ ላይ ጠበቃው ውሉን መርምሮ፣ በሦስተኛ ወገን ማከራየትን ከልክሎ፣ ኪራዩን በጨረታ ወይም በጊዜው ዋጋ ማስተካከል ጽድቅ ነው። እንግዲህ አንዱ ሕግ ለሁሉ አይሆንም፤ ከወረቀቱ በስተጀርባ ያለውን ሰው ማየት ያስፈልጋል።

ለይፋት ልጆች ደግሞ አንድ ተጨማሪ ጥያቄ አለ። የሰንበት ትምህርት ቤት ልጅ የሆነ ጠበቃ ስለ ወቅፍ መሬቱ መስጊድ ቢጠራው ይሂድን? ወቅፍ ማለት ሙስሊም ወንድሞቻችን ለአምልኮ፣ ለትምህርት ወይም ለድሃ ለዘለዓለም የሚያቆሙት ንብረት ነው፤ እንደ እኛው አደራ መሆኑ ነው። እኛ፣ «ይሂድ» እንላለን። የወሰን እውነት ሃይማኖት የለውም፤ ድንጋዩ በተተከለበት ነው ያለው። ነገር ግን የደብሩና የመስጊዱ ወሰን ተጋጭቶ ከሆነ ለሁለቱም መቆም አይችልም፤ ያን ጊዜ ለሁለቱም እውነቱን ተናግሮ ነገሩ በሀገር ሽማግሌ እንዲታይ ቢመክር ይበልጣል። በፍርድ ቤት ተረትቶ የተወሰደ ሁለት ክንድ መሬት ለሁለት ትውልድ ጎረቤትነት ዋጋ አይሆንም።

የሌላውም ዓለም ታሪክ ከዚህ አይርቅም። በእንግሊዝ ሀገር ወደ ገዳማት የገባ መሬት ከእንግዲህ አይወጣም፣ ለመንግሥትም አገልግሎት አይሰጥም ብለው በመፍራታቸው እ.ኤ.አ. በ1279 ንጉሥ ኤድዋርድ ቀዳማዊ ያለ ፈቃድ መሬት ለቤተ ክርስቲያን እንዳይተላለፍ ሕግ አወጣ፤ እንዲህ ያለውን ይዞታ «የሙት እጅ» ይሉት ነበር። ስያሜው ለእኛም ማስጠንቀቂያ ነው። ይዞ የማይሠራበት፣ አጥሮ የማያካፍል እጅ በእርግጥ የሞተ እጅ ነው። በአሜሪካም ማኅበረ ምእመናን ሲከፋፈሉ ሕንፃው የማን ነው የሚለው ክርክር ዳኞችን ያደክማል፤ እ.ኤ.አ. በ1979 የሀገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ፍርድ ቤቶች በሃይማኖቱ ትምህርት ውስጥ ሳይገቡ በካርታውና በመተዳደሪያ ደንቡ ቃል መፍረድ እንዲችሉ ፈቀደ። በስደት የሚኖሩ ወገኖቻችን ያቋቋሟቸው አብያተ ክርስቲያናትም ከዚህ ክስ አላመለጡም። ሕንፃውን ሲገዙ ደንቡን በጥንቃቄ የሚጽፍ ሰው ቢኖራቸው ስንት ቂም በቀረ ነበር!

ውድ ወንድሞችና እኅቶች፤ እንግዲህ ለሁለቱ ተቃዋሚዎቻችን የምንመልሰው ይህን ነው። እግዚአብሔር ለራሱ ጠበቃ አያሻውም፤ አደራ ተቀባዮች ግን እንረሳለን፣ እንሰንፋለን፣ እንሳሳለን። ስለዚህ ጠበቃ የሚያስፈልገው ለእኛ ነው። መሬትና ኪራይ የዓለም ነገር ነው የተባለውም እውነት ነው፤ ነገር ግን ዳቦና ወይንም የዓለም ነገር ነበሩ። ነገር የሚቀደሰው ለምን እንደ ዋለ ታይቶ ነው። ወረቀት ያለው፣ ዓላማውን የሳተ ይዞታ እንደ ኖራ ግድግዳ ድንጋይ ብቻ ይሆናል። ዓላማ ያለው፣ ወረቀት የሌለው ይዞታ ደግሞ እንደ ዴር ሱልጣን የዘመናት ዕንባ ይሆናል። ሁለቱን አንድ ላይ የሚጠብቅ ሰው ያስፈልገናል።

ከእናንተ መካከል ሕግ የምትማሩ ሁሉ፣ ትምህርታችሁን ከመንፈሳዊነታችሁ እንደ ተለየ ነገር አትቁጠሩት። ገና በመማር ላይ ሳላችሁ በየአጥቢያችሁ ያለውን ሰነድ መዝግቡ፤ ካርታውን፣ ደብተሩን፣ የግብሩን ደረሰኝ ሰብስቡ፤ ቅጂ አስቀምጡ፤ ሽማግሌዎቹ የወሰኑን ድንጋይ ሳያርፉ እንዲያሳዩአችሁ ጠይቁ። ሕግ የማትማሩትም ብትሆኑ ይህ ሥራ አይከብዳችሁም። ነገ ጥቁር ካባ ለብሳችሁ በችሎት በቆማችሁ ጊዜ ደግሞ ሦስት ሰዎች ከኋላችሁ እንደ ቆሙ አትርሱ፦ የሰጠው የሞተ ሰው፣ የሚቀበለው ያልተወለደ ሕፃን፣ በመካከላቸውም በዚያ ቤት በር ላይ የተቀመጠ ድሃ። ሦስቱንም አይታችሁ ከተናገራችሁ ድካማችሁ ከንቱ አይሆንም።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።